«የሚመሳሰለውን ጫንበት» ለምትሉኝ ሁሉ

የስልክ ጥገና ሱቄ ጅማ፣ ሄርማታ መርካቶ አካባቢ ናት። ሁለት ሰው ከገባ ሦስተኛው ደጅ ቆሞ ነው የሚያወራኝ። ደጅ ከሚቆሙት መሃል ደግሞ አንድ አዋቂ አይጠፋም። ሎጎ ላይ የቆመ ስልክ ይዤ የሚጫንበትን የሶፍትዌር ፋይል ስፈልግ ያይና «የራሱ ካልተገኘ የሚመሳሰለውን ጫንበታ፣ ምን ታካብዳለህ?» ይላል። ባለስልኩ ዞር ብሎ እኔን ያየኛል። የሌላ ሞዴል ፋይል አይሆንም እላለሁ። ከዚያማ ክርክር ነው። ዩቲዩብ ላይ አይቻለሁ የሚል አለ፤ የአጎቴ ልጅ አዲስ አበባ አስጭኖ ሠርቶለታል የሚል አለ። ክርክሩ ስለሰለቸኝ እዚህ ጻፍኩት። ከእንግዲህ ሊንኩን ልኬ ሥራዬን እቀጥላለሁ።

ጥያቄው ሞኝነት ነው አልልም። ኮምፒውተር የለመደ ሰው እንዲያ ቢያስብ አይፈረድበትም። አንድ የዊንዶውስ ፍላሽ ይዘህ ዴልም፣ ኤችፒም፣ ቶሺባም ላይ ትጭናለህ፣ ይሠራል። ኮምፒውተር ሲበራ ምን ምን ዕቃ እንዳለው ራሱ ለዊንዶውስ ይናገራላ። ስልክ ላይ ግን አብዛኛው ዕቃ አይናገርም። ስክሪኑ፣ ታቹ፣ ካሜራው፣ ቻርጅ የሚቆጣጠረው ቺፕ፣ ሁሉም መስመራቸው ላይ ዝም ብለው ነው የተቀመጡት። ታቹ በየትኛው መስመር እንዳለ፣ ስክሪኑ በምን ቅደም ተከተል እንደሚነሳ፣ ካሜራው ስንት ቮልት እንደሚፈልግ ቀድሞ ፋይሉ ውስጥ ተጽፎ መግባት አለበት። ይሄ ዝርዝር ዲቫይስ ትሪ ይባላል። የሚጻፈውም ለአንድ ቦርድ (ዕቃዎቹ ሁሉ ለተሰኩበት ዋና ሰሌዳ) ነው። የሌላ ሞዴል ፋይል መጫን ማለት የጎረቤትን ቤት የመብራት መስመር ንድፍ ይዞ የራስን ግድግዳ መሰርሰር ነው። ቤቶቹ ከውጭ ሲታዩ አንድ ዓይነት ሊሆኑ ይችላሉ።

ባለፈው የቡና ሰሞን የገጠመኝን ልንገራችሁ። የቡና ገንዘብ እጅ ሲገባ ጅማ ውስጥ ስልክ ይገዛል፣ ይሸጣል፣ መሳቢያ ውስጥ የከረመውም ለጥገና ይወጣል። ያኔ አንድ አባት ከሰቃ መጡ። «አካም ቡልታን አባባ» ብዬ ወንበር ሰጠኋቸው። ከኪሳቸው በፌስታል የተጠቀለለ ስልክ አወጡ። የልጃቸው ነው። ሚዲያቴክ የሚባለው ኩባንያ ቺፕ ያለው፣ ብዙ ሰው እጅ ላይ የማየው ዓይነት ነው። ሌላ ቦታ ሶፍትዌር ተጭኖለታል። የት እንደሆነ አልጠየቅኩም።

«ይበራል» አሉኝ፤ «ግን አብዷል።»

አበራሁት። ፒን ሲጠይቅ 1 ስጫን 3 ይጽፋል። 4 ስጫን 6። 2 ስጫን ግን 2 ነው። የታቹ ግራና ቀኝ ተገላብጧል። እኔ ሳቅ መጣብኝ፤ አባባ ግን አልሳቁም። «ይሄስ ይሁን ልጄ። እሱ በግልባጭ መጻፍ ለምዶታል። የቸገረን ሌላ ነው፤ ጅማ ውስጥ ይደውላል፣ እቤት ስንደርስ ኔትወርክ የለውም። የኔ ባለቁልፏ እዚያው ቤት ትሠራለች።»

የዋይፋይ ዝርዝሩን ከፈትኩ። ከጎረቤት ሱቆች ስሞች መሃል «ኤንቪራም ዋርኒንግ» የሚል ዋይፋይ ተደርድሯል። ዋይፋይ አይደለም እሱ። የሚዲያቴክ ስልክ የራሱን የሬዲዮ መረጃ ሲያጣ የሚያወጣው ጩኸት ነው። በቃ፣ ታሪኩ በሙሉ ገባኝ።

እንዲህ ነው የሆነው። ሚዲያቴክ ላይ ስንጭን የምንጠቀምበት ኤስፒ ፍላሽ ቱል የሚባለው ፕሮግራም ምርጫ ያቀርባል። «ዳውንሎድ ኦንሊ» ካልከው የሰጠኸውን ብቻ ጽፎ ይወጣል። «ፎርማት ኦል ፕላስ ዳውንሎድ» ካልከው ደግሞ ስልኩን ከሥሩ ጠርጎ እንደገና ይጽፋል። የሌላ ሞዴል ፋይል ስትሰጠው የፋይሉ የማከማቻ ክፍፍል ከስልኩ ክፍፍል ጋር አልገጥም ይልና ፕሮግራሙ ስህተት ይጽፍብሃል። እዚህ ጋ መቆም ነበር። የቸኮለ ሰው ግን ወደ ፎርማት ይሄዳል፤ እውነትም ስህተቱ ይጠፋል። አብሮት ኤንቪራሙ፣ ማለትም ያ የሬዲዮ መረጃ የተቀመጠበት ክፍል፣ ይጠፋል።

ኤንቪራም ውስጥ አይኤምኢአይ (የስልኩ መለያ ቁጥር) እንዳለ ብዙ ሰው ያውቃል። በ2010 ዓ.ም. መጀመሪያ ላይ ኢትዮ ቴሌኮም ስልኮችን በአይኤምኢአይ መመዝገብ ሲጀምር *#06# ያልደወለ ሰው አልነበረም። ሰው የማያውቀው እዚያው ጎን የተቀመጠውን ነው። ፋብሪካ ውስጥ እያንዳንዱ ስልክ አንቴናው ምን ያህል እንደሚልክና እንደሚቀበል ይለካል። ልኬቱ እዚያው ስልክ ውስጥ ይጻፋል። ልብ በሉ፣ የዚያ ሞዴል ልኬት አይደለም፤ የዚያች የአንዷ ስልክ ልኬት ነው። ኢንተርኔት ላይ አይገኝም። የትኛውም ፍላሽ ፋይል ውስጥ የለም። የዚህ ልጅ ስልክ ላይ አይኤምኢአዩን ጀርባው ላይ ከተለጠፈው ወረቀት አይተው መልሰው ጽፈውለታል። ስለዚህ ኔትወርክ መጣ። ልኬቱ ግን አልተመለሰም። ከተማ ውስጥ ታወሩ ቅርብ ስለሆነ ደካማውም ይበቃል። ሰቃ ገባ ብሎ ያለ መንደር ሲደርስ ግን አቅም ያጣል።

ቦርዱ ላይ የተጻፈውን አይቼ ትክክለኛውን ፋይል አገኘሁ። ታቹ ቀና። 1 ሲጫኑት 1 ሆነ። ኔትወርኩን ግን ልመልሰው እንደማልችል ለአባባ ነገርኳቸው። «እና ምን ይሻላል?» አሉኝ። ልጁ የሚማረው እዚሁ ጅማ ስለሆነ ስልኩ ከተማ ይቀመጥ ተባለና ተስማሙ። እሳቸው ባለቁልፏን ይዘው ተመለሱ።

ከዚህ የከፋም አለ። አንዳንዱ የጠፋውን ኤንቪራም ከሌላ ስልክ ባክአፕ (መጠባበቂያ ቅጂ) ይሞላዋል። ያኔ ሁለት ስልክ በአንድ አይኤምኢአይ ይዞራል። የስልኩን የራሱን ቁጥር መመለስ አንድ ነገር ነው፤ የሌላ ስልክ ቁጥር መጻፍ ሌላ ነገር ነው። ሁለተኛውን አልነካም። ለምን ብላችሁ አትከራከሩኝ።

«ስሙ አንድ ነውኮ!» የሚሉኝም አሉ። ስም ለኔ ምንም አይነግረኝም። ጋላክሲ ኤ12ን ውሰዱ። በፈረንጆቹ 2020 መጨረሻ ላይ ይፋ የሆነው ኤስኤም-ኤ125ኤፍ ውስጡ ያለው ቺፕ የሚዲያቴክ ሂሊዮ ፒ35 ነው። በ2021 የመጣው ኤስኤም-ኤ127ኤፍ ደግሞ የሳምሰንግ የራሱ ኤክሲኖስ 850 ነው። ገበያ ላይ ሁለቱም ኤ12 ናቸው። ልዩነቱ ቁጥሩ ውስጥ ያለች 5 እና 7 ናት። ሬድሚ ኖት 4ም እንዲሁ ነው፤ በ2016 የወጣው የሚዲያቴክ ሂሊዮ ኤክስ20፣ በ2017 መጀመሪያ የመጣው የሌላው ቺፕ ሠሪ የኳልኮም ስናፕድራጎን 625። የሁለቱ ፋይል የሚገናኝበት ነገር የለም። የሚጫኑበት ፕሮግራም እንኳ ይለያያል።

ሞዴል ቁጥሩ አንድ ሆኖም አይበቃም። ርካሽ ስልኮች ላይ ፋብሪካው በመሃል የስክሪን አቅራቢ ይቀይራል። ቀድሞ የወጣው ፋይል አዲሱን ስክሪን አያውቀውም። ትጭናለህ፣ ስልኩ ይነሳል፣ የመክፈቻው ሙዚቃ ይሰማል፣ ስክሪኑ ግን ነጭ ወረቀት ነው። ባለቤቱ «ስክሪኔን አቃጠልከው» ብሎ ይነሳብሃል። ለዚህ ነው እኔ ከሞዴሉ አልፌ ቢልድ ነምበሩን (የሶፍትዌሩን መለያ) እስከ መጨረሻው ፊደል የማነበው።

ሳምሰንግን እዚህ ላይ እወደዋለሁ፤ ቢያንስ እምቢ ማለት ያውቃል። ኦዲን በሚባለው የሳምሰንግ መጫኛ ፕሮግራም የሌላ ሞዴል ፋይል ብትሰጠው ፊርማውንና ሞዴሉን ያያል፣ ፌይል ይላል፣ ስልኩ ላይ በቀይ ይጽፍልሃል። የራሱን ሞዴል የቆየ ፋይል እንኳ ደረጃው ካነሰ አይቀበልም። የሶፍትዌሩ ስም መጨረሻ ላይ ከኋላ አምስተኛዋን ምልክት እዩ። የቡትሎደሩ (ሲስተሙን የሚያስነሳውና የሚቆልፈው ክፍል) ደረጃ እሷ ናት። ስልኩ 5 ላይ ከደረሰ 3ን አይወስድም፤ «ኤስደብሊው ሬቭ ቼክ ፌይል» ብሎ ይመልሰዋል። መግቢያ ፈልጎ ቡትሎደሩን ከፍቶ የራሱን ነገር የጫነ ሰው ደግሞ የኖክስ (የሳምሰንግ ደህንነት ጥበቃ) ፊውዝ ይበጠስበታል። ያ ፊውዝ በሶፍትዌር አይቀጠልም። ሴኪዩር ፎልደርን (የተቆለፈውን ፋይል ማስቀመጫ) በዚያው ይሰናበታል። አይፎን ላይ ወሬውም አይነሳም፤ አፕል በእያንዳንዱ ጭነት ላይ ከሰርቨሩ ፈቃድ ይጠየቃል።

ሻዎሚ ላይ ያለው ወጥመድ ሌላ ነው። ለቻይና ገበያ የተሠራ ስልክ ላይ የዓለም አቀፉን ሶፍትዌር ጭነው ይሸጡታል። ቡትሎደሩ ክፍት እስካለ ይሠራል። አንድ ቀን ጠጋኝ ቤት ይገባል። የሻዎሚ መጫኛ ፕሮግራም ማይ ፍላሽ ሲከፈት ከታች የተመረጠው «ክሊን ኦል ኤንድ ሎክ» (ሁሉን ጠርገህ ቆልፍ) ነው። ያንን ሳያይ የተጫነ ሰው ስልኩን ይቆልፈዋል። ሲነሳ ይህ ሶፍትዌር በዚህ ስልክ ላይ ሊጫን አይችልም የሚል ጽሑፍ ይመጣል፤ ከዚያ አይነቃነቅም። ፋይሉ የዚያው ስልክ ስም ያለበት ነው እኮ! የአገሩ ልዩነት ብቻ ነው እንዲህ ያደረገው።

ስልኩ ጭራሽ ሲሞትስ? ሚዲያቴክ ላይ መጀመሪያ የሚነሳው ፕሪሎደር የሚባለው ትንሽ ክፍል ነው። ራሙን የሚቀሰቅሰው እሱ ነው። የሌላ ቦርድ ፕሪሎደር ከገባ ራሙን በማያውቀው ልክ ሊያስነሳው ይሞክራል፣ አይነሳም። ስክሪን የለም፣ ንዝረት የለም፣ ቻርጅ ቢሰካም ጥቁር ነው። ሰው ቦርዱ ተቃጠለ ይላል። አብዛኛውን ጊዜ አልተቃጠለም። ቺፑ ውስጥ ከፋብሪካ የታተመ፣ የማይሰረዝ ክፍል አለ። የድምፅ ቁልፍ ተጭኖ ኬብል በመሰካት፣ ያ ካልሆነም ክዳኑን ከፍቶ ቦርዱ ላይ ቴስት ፖይንቱን ከግራውንድ ጋር በማገናኘት ይገኛል። ኮምፒውተሩ ዕቃ ተሰካ ብሎ ቲንን ሲል ልቤ ይመለሳል። ኳልኮም ላይ ተመሳሳዩ 9008 የምንለው መግቢያ ነው። እሱ ግን የስልኩ አምራች የፈረመበት የመጫኛ ፋይል ይፈልጋል፤ ፋይሉ ከሌለህ ኮምፒውተሩ ስልኩን እያየው ምንም ማድረግ አትችልም። አዳዲሶቹ ሚዲያቴኮችም ፈቃድ መጠየቅ ጀምረዋል። ስለዚህ ድሮ «ቢሞትም ይነሳል» እያልን የምንደፍረው ድፍረት አሁን ዋጋው ጨምሯል።

(የጅማን ዝናብ የሚያውቅ ያውቀዋል፦ ደመናው ሲጠቁር መብራት ትሄዳለች። ፍላሽ የማደርገው (ሶፍትዌር የምጭነው) ባትሪው ሙሉ በሆነ ላፕቶፕ ላይ ብቻ ነው። ትክክለኛ ፋይልም ቢሆን ግማሽ መንገድ ላይ ከተቋረጠ ውጤቱ ያው ነው።)

ግን እኔን የሚያስፈራኝ የሞተው ስልክ አይደለም። የሞተ ስልክ ምን እንደሆነ ይታወቃል። የሚያስፈራኝ «ሠራ» የተባለው ነው። ይበራል፣ ይደውላል፣ ባለቤቱ ከፍሎ ይሄዳል። ከሳምንት በኋላ ባትሪው 40 ፐርሰንት እያለ ይጠፋል፤ ፐርሰንቱ የሚሰላው በሌላ ባትሪ ሰንጠረዥ ነውና። ስልክ ሲያወራ ስክሪኑ ጠቁሮ አይመለስም፤ ጆሮ አጠገብ ያለው ሴንሰር ሌላ ነው። የጣት አሻራው ምርጫ ውስጥ እንኳ የለም። የፊት ካሜራ ሲከፈት ይዘጋል። የባንክ አፕ ስልክዎ ደህንነቱ የተጠበቀ አይደለም ብሎ አልከፍትም ሊል ይችላል።

ቻርጁ ላይ ግን ቀልድ የለም። ባትሪ አውጥታችሁ ጽሑፉን ካያችሁ እስከ 4.35 ቮልት የሚል አለ፣ እስከ 4.4 የሚል አለ። የት ላይ መቆም እንዳለበት ለቻርጅ ቺፑ የሚነግረው ሶፍትዌሩ ነው። ትንሹን ባትሪ በትልቁ ልክ ከሞላኸው በየቀኑ ከአቅሙ በላይ እየገፋኸው ነው። ክዳኑ በጀርባው ተነፍቶ የመጣ ስልክ ሳይ መጀመሪያ የምጠይቀው «ሶፍትዌር ተጭኖበት ያውቃል?» ብዬ ነው። ሁሌ ምክንያቱ ያ ነው አልልም፤ ባትሪ በእርጅናም ያብጣል። ግን እጠይቃለሁ።

ሌላም አለ። ስልኩ አሁን ራሱን የሚጠራው በሌላው ሞዴል ስም ነው። ስለዚህ አፕዴት የሚመጣለት ለሌላው ሞዴል የተሠራው ነው። ባለቤቱ ምን ያውቃል? «አዲስ አፕዴት አለ» ሲለው እሺ ይላል። ያኔ እንደምንም ተቻችሎ የነበረው ነገር ይፈርሳል።

አሁን ደግሞ ተቃራኒውን ልበል፤ አለዚያ ደጅ የሚቆመው ሰውዬ አይለቀኝም። የሌላ ፋይል የሚሠራበት ቦታ አለ። ሳምሰንግ ላይ ሞዴሉና የቡትሎደር ደረጃው አንድ ሆኖ አገሩ ብቻ ሲለያይ ችግር የለውም፤ የዱባይ ስልክ ላይ የሌላ አገር ሶፍትዌር እጭናለሁ። ከአንድሮይድ 8 ወዲህ፣ ማለትም ከ2017 ጀምሮ፣ ጉግል ሲስተሙን ከአምራቹ ክፍል ለይቶታል። ትሬብል ይሉታል። በዚያ ምክንያት ጂኤስአይ የሚባል ለብዙ ስልክ የሚሆን አንድ ሲስተም አለ። እሱ ግን የሌላ ሞዴል ፋይል አይደለም። የስልኩ የራሱ ቡት (ማስነሻው)፣ የራሱ ቬንደር (የአምራቹ ክፍል)፣ የራሱ ሞደም (የኔትወርኩ ክፍል) ባለበት ይቀራል፤ የሚቀየረው ላይኛው ብቻ ነው። የዩኒቨርሲቲ ልጆች መጥተው ሲጠይቁኝ ቡትሎደሩ ከተከፈተና ዳታቸውን ካወጡ እሞክርላቸዋለሁ። ለነጋዴ ስልክ ግን አላደርገውም። ቴሌብር የሚሠራበት ስልክ መጫወቻ አይደለም።

ክዳኑ ውሸት የሚናገርበት ጊዜም አለ። ቦርዱ አንድ ጊዜ ተቀይሯል፤ ጀርባው ላይ የተጻፈው የድሮው ሞዴል ነው። በክዳኑ ስም ፋይል ብትጭን የምትገድለው አንተ ነህ። እዚያ ላይ «የሌላው ሞዴል» ትክክለኛው ነው። ኮፒ ስልክም እንዲሁ። ሴቲንግ ውስጥ ስትገባ ጋላክሲ ኤስ ምንትስ ይልሃል፣ ራሙን 12 ጊጋ ይልሃል፣ ኬብል ስትሰካው ግን ተራ ሚዲያቴክ ነው። የሳምሰንግ ፋይል ፈልገህ ኦዲን ብትከፍት ኦዲን አያየውም። እንዲህ ያለ ስልክ ላይ ከመንካቴ በፊት ያለውን ሶፍትዌር እንዳለ አነብበዋለሁ፤ ሌላ ቦታ አላገኘውምና።

ማንበቡን እንኳ ኮፒ ላልሆነውም አደርገዋለሁ። ስልኩ እየበራም ሆነ ሎጎ ላይ ቆሞ፣ ኬብል የሚቀበል ከሆነ መጀመሪያ ኤንቪራሙን ወይም ኢኤፍኤሱን (ሌሎች ስልኮች ላይ ያው መረጃ ያለበትን ክፍል) አውጥቼ በባለቤቱ ስም አስቀምጣለሁ። ደቂቃዎች ነው የሚፈጀው። ሌላ ቦታ የምታሠሩ ከሆነም «ባክአፕ ወሰድክ?» በሉ። ጠጋኙ ፊቱን ካጠቆረ ስልካችሁን ተቀብላችሁ ውጡ። የስልኩን ካርቶን አትጣሉ። ከጠፋም *#06# ደውላችሁ የሚመጣውን ፎቶ አንሱና ለቤተሰብ በቴሌግራም ላኩት።

እና ፋይሉ እውነት ካልተገኘ? የማይገኝበት ጊዜ አለ፣ አልክድም። ያኔ ያንኑ ስልክ የያዘ ጓደኛ ወይም ዘመድ ፈልጉና ይዛችሁት ኑ። ቢልድ ነምበሩ አንድ መሆኑን አያለሁ። ከሆነ ሲስተሙን ከእሱ ስልክ አንብቤ ወደ እናንተው አሻግራለሁ፤ ኤንቪራሙን አልነካም፣ ፎቶውንና መልእክቱን አላይም። የእሱ ስልክ እንደመጣ ይመለሳል። ጊዜ ይወስዳል፤ ግማሽ ቀን ሊፈጅ ይችላል። እስከዚያ ከጎን ያለችው ልጅ ቡና ታፈላለች፣ ሒሳቡ በእኔ ነው።